የናፍጣ አውቶሞቢል ካቴናና የጥገናው ታሪክ

ከሞተር ክፍሎች ሁሉ ባለንብረቱ በደኅና ቀን የሚረሳው፣ ጋራዡም በክፉ ቀን ብቻ የሚያስታውሰው ካቴናን ነው። ዘይት ይለወጣል፣ የአየር ማጣሪያ ይጸዳል፣ ፍሬን ይፈተሻል። ከሽፋን በስተጀርባ ተደብቆ ክራንክሻፍትን ከካምሻፍት ጋር የሚያገናኘው ሰንሰለት ግን የሚታወሰው ሞተሩ ጠዋት ጠዋት ለመነሣት ሲያስቸግር፣ ነጭ ጢስ ሲያበዛ፣ ወይም ከግንባሩ በኩል የመንኳኳት ድምፅ ሲሰማ ነው። ይህ ጽሑፍ የዚህን ክፍል ታሪክ በአጭሩ ይተርካል። በተለይም ያለቀው ሰንሰለት በየዘመኑ በምን አኳኋን ሲለወጥ እንደ ቆየ ያወሳል፤ ምክንያቱም አንድ ንድፍ አውጪ ሞተሩን በሚሥልበት ጊዜ ከ10 ዓመት በኋላ ስለሚመጣው መካኒክ ምን ያህል እንዳሰበ ከሁሉ ይልቅ የሚመሰክረው ሰንሰለቱን ያስቀመጠበት ቦታ ነው ብዬ አምናለሁ። በጽሑፉ ውስጥ የሚጠቀሱት ዓመታት፣ ዓ.ም. ተብሎ ካልተገለጸ በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ካቴና የሚለው ቃል እንደ ቴስታታ፣ ካንዴላ፣ ካምቢዮ፣ ፍሪሲዮንና ኩሽኔታ ሁሉ ከኢጣልያንኛ ወደ ጋራዦቻችን የገባ ሲሆን፣ ትርጓሜውም ሰንሰለት ማለት ነው። በዩኒቨርሲቲ ታይሚንግ ቼን ብለን የተማርነውን በጋራዥ ካቴና ብንለው የሚከፋው ባለሙያ ስለሌለ፣ በዚህም ጽሑፍ ሁለቱን ቃላት፣ ሰንሰለትንና ካቴናን፣ እያፈራረቅሁ እጠቀማለሁ።

ለብዙዎቹ የማኅበራችን አባላት የታወቀ ቢሆንም፣ ከሌላ የሙያ ዘርፍ ለመጡት ባልደረቦች ሲባል የካቴናን ሥራ በሁለት ዐረፍተ ነገር መግለጽ ይገባል። በአራት ምት በሚሠራ ሞተር ክራንክሻፍቱ ሁለት ጊዜ ሲዞር ካምሻፍቱ አንድ ጊዜ ይዞራል፤ ይህንም ልክ ሳያዛንፍ የሚጠብቀው ሰንሰለቱ ነው። በናፍጣ ሞተር ደግሞ ብዙውን ጊዜ የናፍጣውን ፖምፓ የሚያዞረው ያው ሰንሰለት ስለሆነ፣ ቫልቮቹ የሚከፈቱበትና የሚዘጉበት ጊዜ ብቻ ሳይሆን ነዳጁ የሚቀጣጠልበትም ጊዜ በእርሱ ላይ የተመካ ነው። የቤንዚን ሞተር ካቴናው ጥቂት ቢዘገይ ጉልበቱ ይቀንሳል እንጂ ይሠራል። የናፍጣ ሞተር ግን የሚቀጣጠለው በታመቀ አየር ሙቀት ብቻ በመሆኑ፣ የጥቂት ዲግሪዎች መዘግየት በብርድ ጠዋት የመነሣትና ያለመነሣት ጉዳይ ይሆናል።

ዛሬ በሞተር ውስጥ የምናየው ሰንሰለት ሲሠራ ለሞተር ታስቦ አልነበረም። ጀምስ ስሌተር የተባለ እንግሊዛዊ በ1864 የማስተላለፊያ ሰንሰለት አስመዝግቦ በማንቸስተር አጠገብ በምትገኘው በሳልፎርድ ከተማ ለሽመና ፋብሪካዎች ያመርት ነበር። በ1879 ሐንስ ሬኖልድ የተባለው የስዊዘርላንድ ተወላጅ መሐንዲስ ይህን አነስተኛ ድርጅት ገዛው፤ በዓመቱም፣ በ1880፣ ቡሺንግና ሮለር ያለውን ሰንሰለት አስመዘገበ። የሬኖልድ ሐሳብ ቀላል ነበር። ከእርሱ በፊት በነበሩት ሰንሰለቶች ቀጭኑ ፒን በቀጭን የብረት ቅጠል ቀዳዳ ውስጥ ስለሚታጠፍ ሁለቱም ቶሎ ይበላሉ። ሬኖልድ በፒኑ ዙሪያ ቡሺንግ የተባለ ቱቦ አስገብቶ፣ መፋተጉ በጠባብ ጠርዝ ላይ መሆኑ ቀርቶ በቱቦው ርዝመት ሁሉ እንዲከፋፈል አደረገ። ከቡሺንጉም ውጭ ሮለር አጥልቆ ከመዘውሩ ጥርስ ጋር የሚደረገውን ፍትጊያ ቀነሰ። ይህ ንድፍ በመሠረቱ ሳይለወጥ ከ140 ዓመታት በላይ ኖሯል፤ በምሕንድስና ታሪክ ይህን ያህል ዕድሜ ያገኘ የማሽን ክፍል ጥቂት ነው። መፋተጉ ተከፋፈለ እንጂ አልጠፋም፤ ስለዚህም ሰንሰለት ሁሉ፣ ዛሬም ቢሆን፣ ያልቃል።

ሩዶልፍ ዲዝል የፈጠራ መብቱን ያገኘው በ1893 ሲሆን፣ በአውግስቡርግ ከተማ የተሠራው ሞተሩ የተሳካ ፈተና ያለፈው በ1897 ነው። ይህ ሞተር ግን ከወለል ጋር ተቸንክሮ የሚሠራ ከባድ መሣሪያ ነበር። ወደ አውቶሞቢል ለመውረድ አነስተኛና ፈጣን የናፍጣ ፖምፓ ያስፈልገው ነበርና፣ ይህን የቦሽ ድርጅት በ1927 በብዛት ማምረት ከጀመረ በኋላ መንገዱ ተከፈተ። በየካቲት 1936 በበርሊን በተደረገው የአውቶሞቢል ትርዒት መርሰዲስ ቤንዝ 260 ዲ የተባለውን የናፍጣ አውቶሞቢል አቀረበ፤ ሐኖማግም የራሱን በዚያው ትርዒት አሳየ። የ260 ዲ ሞተር 2.5 ሊትር ሆኖ 45 የፈረስ ጉልበት ብቻ ነበረው። ከመጀመሪያዎቹ ገዢዎች መካከል ዋነኞቹ ታክሲ ነጂዎች ነበሩ፤ በነዳጅ ወጪ ላይ የሚያሰላ ሰው ድምፁንና ቀርፋፋነቱን ይታገሠዋልና። ታክሲ ነጂ ደግሞ መኪናውን እስከ መጨረሻው የሚነዳ፣ ስለዚህም ያለቀን ክፍል ከመለወጥ የማያመልጥ ሰው ነው።

በእነዚህ የመጀመሪያ ሞተሮች ካምሻፍቱ የሚገኘው ከክራንክሻፍቱ ብዙም ሳይርቅ በሞተሩ አካል ውስጥ ሆኖ፣ ቫልቮቹን የሚገፋው በረጃጅም ዘንጎች አማካይነት ነበር። ሁለት ዘንጎች ከተቀራረቡ እርስ በርሳቸው ለማያያዝ ብዙ ብልሃት አያስፈልግም። ነገሩ የተለወጠው በ1958 መርሰዲስ 190 ዲ ሲወጣ ነው። በ1.9 ሊትሩና በ50 የፈረስ ጉልበቱ የናፍጣ ሞተር ካምሻፍቱ ወደ ቴስታታው ወጣ፤ ከክራንክሻፍቱም ራቀ። ይህን ርቀት በማርሽ ለመሙላት ብዙ መካከለኛ ማርሾች፣ ብዙ ክብደትና ብዙ ጩኸት ባስፈለገ ነበር። መሐንዲሶቹ የመረጡት ሁለት ረድፍ ያለውን የሬኖልድ ዓይነት ሰንሰለት ነው። በ1968 የወጡት 200 ዲና 220 ዲ፣ በ1973 የወጣው 240 ዲ፣ በ1974 ደግሞ ባለ አምስት ሲሊንደሩ የ3 ሊትር ሞተር ይህንኑ መንገድ ተከተሉ። በጥር 1976 የወጣውና በጠቅላላው ወደ 2.7 ሚሊዮን የሚጠጋ የተመረተለት የደብልዩ 123 ዓይነት የእነዚህን ሞተሮች ስም በዓለም ሁሉ አስጠራ።

እዚህ ላይ ስለ ሰንሰለት ማለቅ የሚነገረውን አንድ የተሳሳተ አባባል ማረም ይገባል። በጋራዥ «ካቴናው ተስቧል» ይባላል። እውነቱን ለመናገር ብረቱ አይሳብም፤ የሚሆነው በየአንጓው ያለው ፒንና ቡሺንግ ተፋትጎ ክፍተቱ መስፋቱ ነው። የአንዱ አንጓ መበላት በዓይን አይታይም፤ የሁሉም ሲደመር ግን ይታያል። ለምሳሌ ያህል በሁለት ጥርሶች መካከል 9.525 ሚሊ ሜትር ርቀት ያለውን ሰንሰለት እንውሰድ። ከክራንክሻፍቱ እስከ ካምሻፍቱ በተወጠረው ወገን 50 አንጓዎች ቢኖሩና እያንዳንዱ 0.04 ሚሊ ሜትር፣ ማለትም ከጠጉር ውፍረት ያነሰ፣ ቢበላ በጠቅላላው 2 ሚሊ ሜትር ይረዝማል። የክራንክሻፍቱ መዘውር 20 ጥርስ ካለው ዙሪያው 190.5 ሚሊ ሜትር ነውና፣ 2 ሚሊ ሜትሩ ወደ 4 የክራንክሻፍት ዲግሪ መዘግየት ይሆናል። ሥራውንም ማሰብ ነው። ይኸው ሞተር በደቂቃ 3000 ጊዜ ሲዞር ሰንሰለቱ በሴኮንድ 9.5 ሜትር፣ በሰዓት ሲታሰብ 34 ኪሎ ሜትር ያህል ይሮጣል፤ እያንዳንዱም አንጓ በየመዘውሩ ላይ በደረሰ ቁጥር ይታጠፋል፣ ይዘረጋል።

ከላይ በጠቀስኋቸው የመርሰዲስ ሞተሮች የሰንሰለቱ የተወጠረ ወገን ከካምሻፍቱ ወርዶ በናፍጣው ፖምፓ መዘውር በኩል አልፎ ወደ ክራንክሻፍቱ ይገባል። ስለዚህ ሰንሰለቱ ሲያልቅ ሁለቱም ይዘገያሉ፤ ፖምፓው በመንገዱ መካከል ስለሚገኝ በጥቂቱ፣ ካምሻፍቱ በመንገዱ መጨረሻ ስለሚገኝ በብዙው። ልብ ሊባል የሚገባው ይህ ጥፋት ራሱን በሌላ መልክ የሚያሳይ መሆኑ ነው። ናፍጣው ዘግይቶ ሲረጭ ሞተሩ በብርድ አይነሣም፣ ነጭ ጢስ ያወጣል፣ ጉልበቱም ይቀንሳል፤ እነዚህም ምልክቶች የኖዝል፣ የማሞቂያ ካንዴላ ወይም የፖምፓ ሕመም ምልክቶች ጭምር ናቸው። ካቴናው ሳይለካ ፖምፓ ፈትቶ ለማስተካከል የሚላክበት ጊዜ ጥቂት አይደለም። ያለ ጥፋቱ የተፈታ ፖምፓ ደግሞ እንደ ነበረ ይመለሳል ማለት አይቻልም።

እነዚህን ሞተሮች በጥገና ታሪክ ውስጥ ልዩ የሚያደርጋቸው አሁን የምገልጸው ነው። ፋብሪካው ሰንሰለቱ እንደሚያልቅ አምኖ፣ ለዚያ ቀን ሦስት በሮች ትቶ ነበር።

የመጀመሪያው በር መለኪያ ነው። የቫልቭ ክዳኑ ሲነሣ በካምሻፍቱ ፊት ምልክት ይታያል። መካኒኩ ክራንክሻፍቱን በእጅ እያዞረ ይህን ምልክት በመያዣው ላይ ካለው ምልክት ጋር ያገጣጥምና፣ በክራንክሻፍቱ ፑሊ ላይ የተቀረጸውን ዲግሪ ያነባል። ንባቡ ዜሮ ከሆነ ሰንሰለቱ አዲስ ነው፤ 4 ከሆነ 4 ዲግሪ ዘግይቷል ማለት ነው። አንድም የሞተር ክፍል ሳይበተን፣ የአንድ ሰዓት ሥራ በማይሞላ ጊዜ ውስጥ፣ የካቴናው ዕድሜ በቁጥር ይታወቃል።

ሁለተኛው በር ማረሚያ ነው። በካምሻፍቱና በመዘውሩ መካከል የምትገባ፣ የግማሽ ጨረቃ ቅርጽ ያላት ትንሽ ብረት አለች፤ ውድራፍ ኪይ ትባላለች። ፋብሪካው ይህችን ብረት በተለያየ ልክ ጠማማ አድርጎ ከ4 እስከ 10 ዲግሪ መዘግየትን ለማካካስ በመለዋወጫነት ያቀርብ ነበር። የፖምፓውም መያዣ ቀዳዳዎች ሞላላ በመሆናቸው ፖምፓውን በጥቂቱ ዘወር አድርጎ፣ ናፍጣ የሚረጭበትን ጊዜ በ240 ዲና በ300 ዲ ሞተሮች ፒስተኑ ከጫፍ ከመድረሱ 24 ዲግሪ ቀድሞ ወደሚገኘው ልኩ መመለስ ይቻላል። እንዲህ ያለ እርማት ካቴናውን አያድሰውም። አቅም ያልተሟላለትን ባለንብረት ግን እስከሚቀጥለው ጥገና ያደርሰዋል። አንዳንድ ባልደረቦች ይህን እንደ ማታለል ሲቆጥሩት ሰምቻለሁ፤ እኔ ግን በልኩ ከተሠራበት የሐቀኛ ንድፍ ምልክት ነው እላለሁ።

ሦስተኛውና ዋነኛው በር የመለወጫው ዘዴ ነው። ሞተሩ ሳይወጣ፣ የግንባሩ ሽፋን ሳይከፈት፣ አዲሱ ሰንሰለት አሮጌውን ተከትሎ በገባበት መንገድ ይገባል። አሠራሩም እንዲህ ነው። በመጀመሪያ መታመቁ ክራንክሻፍቱን ማዞር እንዳያስቸግር የማሞቂያ ካንዴላዎቹ ወይም ኖዝሎቹ ይፈታሉ፤ የሰንሰለቱም መወጠሪያ ይወጣል። በካምሻፍቱ መዘውር ዙሪያ ያለው ክፍተት ሁሉ በንጹሕ ጨርቅ ይደፈናል፤ አንድ የብረት ፍርፋሪ ወይም አንድ ፒን ወደ ታች ቢወድቅ ቀላሉ ሥራ ከባድ ይሆናልና። ከዚያ በኋላ በመዘውሩ ላይ ከሚታዩት አንጓዎች የአንዱ ፒን ራስ በመፍጫ ድንጋይ ተፍቆ ፒኑ ይገፋል፤ አሮጌው ሰንሰለት ይከፈታል። የአዲሱ ጫፍ በማገናኛ አንጓ ከአሮጌው ጫፍ ጋር ይያያዝና፣ አንድ ሰው ክራንክሻፍቱን በቁልፍ ቀስ እያለ ሞተሩ በሚዞርበት አቅጣጫ ብቻ ያዞራል፤ ሌላው ሰው የሚወጣውን አሮጌ ሰንሰለት በአንድ እጁ እየሳበ፣ የሚገባውን አዲስ በሌላው እጁ በመዘውሩ ጥርስ ላይ ጨቁኖ ይይዛል።

የሁለቱ ሰዎች መስማማት ለሥራው ዋና ነገር ነው። የሚያዞረው ቢቸኩል ወይም የሚይዘው ቢያላላ ሰንሰለቱ ጥርስ ይዘላል። መዘውሩ 20 ጥርስ ካለው አንድ ጥርስ መዝለል 18 የክራንክሻፍት ዲግሪ ነው። የእነዚህ ሞተሮች ማመቂያ ልክ 21 ለ1 በመሆኑ፣ ፒስተኑ ከጫፍ ሲደርስ በእርሱና በቴስታታው መካከል ተከፍቶ ለሚቆይ ቫልቭ የሚተርፍ ስፍራ የለም። ጥርስ መዝለሉ ከበዛ ቫልቭና ፒስተን ይጋጫሉ። ለዚህ ነው ክራንክሻፍቱ በእጅ ብቻ የሚዞረው፤ እጅ እንቅፋት ሲያገኝ ይቆማል፣ የማስነሻ ሞተር ግን አይቆምም። አዲሱ ሰንሰለት ዙሩን ጨርሶ ሲወጣ ሁለቱ ጫፎች ይገናኛሉ፣ የማገናኛው ፒን ራስ ተቀጥቅጦ ይሰፋል፣ መወጠሪያው ይመለሳል። ክራንክሻፍቱ ሁለት ሙሉ ዙር በእጅ ዞሮ ምልክቶቹ እንደ ገና ከታዩና የፖምፓው ጊዜ ከተለካ በኋላ ብቻ ሞተሩ ይነሣል። ሥራው ጠዋት ተጀምሮ በዚያው ዕለት ያልቃል፤ መሣሪያውም በማንኛውም መካከለኛ ጋራዥ የሚገኝ ነው።

እነዚህ መኪናዎች ከጀርመን ርቀው ሁለተኛና ሦስተኛ ዕድሜ የኖሩት ከሌሎች ምክንያቶች ጋር በዚህም ምክንያት ነው። በሞሮኮ ግራንድ ታክሲ የሚባሉት፣ ከከተማ ወደ ከተማ ሰው የሚያመላልሱት መኪናዎች፣ ለብዙ አሥርተ ዓመታት በአብዛኛው የደብልዩ 123 ዓይነት መርሰዲሶች ነበሩ፤ ከ2010 ወዲህ ባሉት ዓመታት መንግሥት ለባለንብረቶቹ ድጎማ ሰጥቶ በአዲስ እንዲተኩ እስካደረገ ድረስ። በሽቱትጋርት በሚገኘው የፋብሪካው ሙዚየም ደግሞ አንድ ግሪካዊ ታክሲ ነጂ 4.6 ሚሊዮን ኪሎ ሜትር የነዳው 240 ዲ ቆሟል። ይህን ቁጥር እንደ ተአምር የሚያወሩ ሞልተዋል። ባለንብረቱ ሞተሩን ስንት ጊዜ እያወጣ እንዳስጠገነና እንደ ለዋወጠ የሚናገሩት ግን ጥቂቶች ናቸው። ትምህርቱ ያለው ከዚያ ላይ ነው።

በዚያው በ1976 የናፍጣ አውቶሞቢልን ታሪክ በሌላ አቅጣጫ የመራ መኪና ወጣ፤ እርሱም የቮልክስዋገን ጎልፍ ዲዝል ነው። የ1.5 ሊትር ሞተሩ ካምሻፍቱንም ፖምፓውንም የሚያዞረው በሰንሰለት ፈንታ ጥርስ ባለው የጎማ ቀበቶ ነበር። በብዛት በተመረተ አውቶሞቢል ይህን ቀበቶ ለካምሻፍት የተጠቀመ የመጀመሪያው ከ1962 ጀምሮ የተሸጠው የጀርመኑ ግላስ 1004 ሲሆን፣ ጎልፉ ነገሩን ለናፍጣ አዋለው። ቀበቶው ርካሽ ነው፣ ጸጥ ያለ ነው፣ ዘይትም አይፈልግም፤ ነገር ግን ሳያስጠነቅቅ ይበጠሳል። ሰንሰለት ሲያልቅ አስቀድሞ ይጮኻል፣ ይዘገያል፣ ይለካል። ቀበቶ ግን በአንድ ቅጽበት ይበጠስና ቫልቮቹን ከፒስተን ጋር ያጋጫል። ስለዚህ ፋብሪካዎች የመለወጫውን ኪሎ ሜትር አስቀድመው ወስነው በመመሪያ መጻፍ ግድ ሆነባቸው። በአገራችን መንገዶች ሁሉ የምናውቀው ባለ 1ኤችዜድ ሞተሩ ላንድ ክሩዘር ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው፤ የተወሰነው ኪሎ ሜትር ሲሞላ በነጂው ፊት «ቲ-ቤልት» የሚል መብራት ይበራል። ቀበቶው ሟችነቱን ራሱ ይናገራል ማለት ነው። በእኔ ግምት ይህች ትንሽ መብራት ከብዙ ረቂቅ ማሻሻያዎች የበለጠ ሞተር አድናለች።

ከ1990ዎቹ ማብቂያ ጀምሮ ግን በርካታ ፋብሪካዎች በናፍጣ ሞተሮቻቸው ወደ ሰንሰለት ተመለሱ ወይም በሰንሰለት ጸኑ። ለገዢው የሚነገረው ምክንያት ሰንሰለት የሞተሩን ዕድሜ ሙሉ ያገለግላል፣ መለወጫ ጊዜም የለውም የሚል ነበር። ይህ አነጋገር ከ1958ቱ እምነት ጋር ሲነጻጸር ትልቅ ለውጥ ነው። ያኔ ሰንሰለቱ ያልቃል ተብሎ ስለ ታመነ መለኪያና ማረሚያ ተበጀለት፤ አሁን ግን አያልቅም ስለ ተባለ በመመሪያው ውስጥ ስፍራ አጣ።

ከቦታውም ተነሣ። የኦዲ ባለ 3 ሊትር ስድስት ሲሊንደር የናፍጣ ሞተር በ2004፣ የቢኤምደብልዩ ኤን47 የተባለው ባለ 2 ሊትር ሞተር በ2007፣ የመርሰዲስም ኦኤም651 በ2008 ሲወጡ ሰንሰለታቸው ከሞተሩ ግንባር ተነሥቶ ወደ ጀርባው፣ ወደ ካምቢዮው ወገን ተዛውሮ ነበር። ለንድፍ አውጪዎቹ ፍትሕ እንስጣቸውና፣ ምክንያታቸው በዘፈቀደ የመጣ አይደለም። ክራንክሻፍት በየፍንዳታው ይጠማዘዛል፤ መጠማዘዙም ከባዱ ፍላይዊል ባለበት በጀርባው በኩል አነስተኛ ስለሆነ፣ ሰንሰለቱ እዚያ ሲሆን የሚደርስበት ንዝረት ይቀንሳል። በአውሮፓም ለእግረኛ ደኅንነት ሲባል የወጣው ደንብ በሞተሩና በኮፈኑ መካከል ክፍት ስፍራ ስለሚጠይቅ፣ የሞተሩ ግንባር ዝቅ ማለቱ ጠቃሚ ሆነ። ሁለቱም ምክንያቶች በሥዕል ጠረጴዛ ላይ ትክክል ናቸው። በዚያ ጠረጴዛ ዙሪያ ያልተቀመጠው ሰው መካኒኩ ነው።

የኤን47 ታሪክ ለዚህ ማስረጃ ይሆናል። ከ2007 ጀምሮ በነበሩት የመጀመሪያ ዓመታት ከተመረቱት መካከል በርካታ ሞተሮች ካቴናቸው ያለ ጊዜው አልቆ ወይም ተበጥሶ ለጥፋት ተዳረጉ፤ ጉዳዩም በአውሮፓ ባለንብረቶች ዘንድ ብዙ አነጋገረ። ከእርሱ በፊት የነበረው የዚያው ፋብሪካ ኤም47 ሞተር ሰንሰለቱ በግንባር ስለነበረ ሞተሩ በቦታው እንዳለ ይደረስበት ነበር። በኤን47 ግን ካምቢዮውን ማውረድ፣ ሙሉውን ሰንሰለት ለመለወጥም ሞተሩን ራሱን ማውጣት ያስፈልጋል። የክፍሉ ዋጋ ከሠራተኛው ዋጋ ጋር ሲተያይ ኢምንት ሆነ። እንዲህ በሆነ ጊዜ ባለንብረቱ ድምፁን እየሰማ ይነዳል፤ እስኪበጠስ ድረስ ይነዳል። መጀመሪያ ካቴና ያስፈልገው የነበረው መኪና በመጨረሻ ሙሉ ሞተር ይፈልጋል።

የሰንሰለቱ ቶሎ ማለቅ ምክንያቱ ምንድን ነው? አንዱ የዘይት ነገር ነው። የዘመኑ የናፍጣ ሞተሮች የጢሱን ጎጂነት ለመቀነስ ከተቃጠለው ጋዝ ከፊሉን መልሰው ወደ ሲሊንደር ያስገባሉ፤ በዚህም ጥቀርሻው ይበዛል፣ ከጥቀርሻውም ከፊሉ ወደ ዘይቱ ይወርዳል። ይህ ደቃቅ ጥቀርሻ በፒንና በቡሺንግ መካከል ሲገባ እንደ ማለስለሻ ዱቄት ብረቱን ይፍቀዋል። በዚያው ዘመን ደግሞ የዘይት መለወጫው ርቀት በአንዳንድ ፋብሪካዎች መመሪያ እስከ 30,000 ኪሎ ሜትር ተራዘመ። በዚህ ላይ መፋተግን ለመቀነስ ሲባል ሁለት ረድፍ የነበረው ሰንሰለት በብዙ ሞተሮች አንድ ረድፍ ሆነ፤ የሚንሸራተትባቸው መሪዎችና በዘይት ግፊት የሚሠራው መወጠሪያም የራሳቸውን ድካም ጨመሩበት። እያንዳንዱ ውሳኔ ለብቻው ሲታይ ያስመሰግናል፤ ሸክሙ ሁሉ የወረደው ግን በዚያው ሬኖልድ በ1880 በሠራው ፒንና ቡሺንግ ላይ ነው።

ይህን ሁሉ ለባልደረቦች ማንሣቴ ለታሪክ ፍቅር ብቻ አይደለም። የትራንስፖርትና ሎጂስቲክስ ሚኒስቴር በጥር ወር 2016 ዓ.ም. ከኤሌክትሪክ አውቶሞቢሎች በቀር ሌሎች ወደ አገር እንዳይገቡ መወሰኑን አስታውቋል። የውሳኔውን ጥቅምና ጉዳት ማመዛዘን የዚህ ጽሑፍ ተግባር አይደለም። ውጤቱ ግን በየጋራዣችን ይታያል፤ አገር ውስጥ ያሉት የናፍጣ አውቶሞቢሎች በሌላ ናፍጣ የማይተኩ ስለሆነ፣ ፋብሪካቸው ካሰበላቸው ዕድሜ በላይ ይሠራሉ። ከእነዚህም መካከል ቀበቶ ያላቸው አሉ፣ በግንባራቸው ካቴና ያላቸው አሉ፤ ለምሳሌ በ2015 የወጣው የቶዮታ 1ጂዲ ሞተር ከቀድሞው የ1ኬዲ ቀበቶ ወደ ሰንሰለት የተሸጋገረ ነው። በጀርባቸው ካቴና ያላቸውም የአውሮፓ መኪናዎች አሉ። ሦስቱን በአንድ የጥገና ሰሌዳ ማስተዳደር አይቻልም።

በተለይ የድርጅት ተሽከርካሪዎችን የሚያስተዳድሩ ባልደረቦች ልብ ሊሉት የሚገባ ይመስለኛል። ቀበቶ ላለው መኪና የኪሎ ሜትር መዝገብ ይበቃል፤ መብራቷን ነቅሎ ያስቀመጠ ሰው ከሌለ። በግንባሩ ካቴና ላለው፣ ሞተሩ ዲግሪውን ለማንበብ የሚፈቅድ ከሆነ፣ ቢያንስ በየ50,000 ኪሎ ሜትሩ አንብቦ መመዝገብ ይበጃል፤ አንዱ ንባብ ብቻውን ብዙ አይናገርም፣ ሦስት ንባቦች በተከታታይ ሲታዩ ግን መቼ መለወጥ እንዳለበት ያመለክታሉ። በጀርባው ካቴና ላለው ያለው ምርጫ ዘይቱን ከመመሪያው ርቀት እጅግ አሳጥሮ መለወጥና፣ ፍሪሲዮን ለመለወጥ ካምቢዮው በወረደ ቁጥር ካቴናውን ሳያዩ አለመዝጋት ነው። ካምቢዮ አንድ ጊዜ ከወረደ ከድካሙ አብዛኛው ተከፍሏል። ነገር ግን የፍሪሲዮን የሥራ ትእዛዝ ስለ ካቴና ስለማይናገር፣ መካኒኩ የታዘዘውን ብቻ ሠርቶ ይዘጋዋል።

ሲለወጥም ሰንሰለቱ ብቻውን አይለወጥም፤ መሪዎቹና መወጠሪያው አብረው መለወጥ አለባቸው፣ የመዘውሮቹም ጥርስ መታየት አለበት። በጥርሱ ጫፍ የሾለና ወደ አንድ ወገን ያዘነበለ መዘውር አዲስ ሰንሰለት ቢገባበት በአጭር ጊዜ ያረጀዋል። በገበያ የሚገኘው ካቴና ሁሉ እኩል አለመሆኑን ማስታወስም ያሻል። በቅጠሎቹ ላይ የሠሪው ምልክት ያልተመታበትን ሰንሰለት በርካሽነቱ ብቻ መግዛት፣ አንድ ቀን ሙሉ የፈጀውን ሥራ ለማይታወቅ ብረት አሳልፎ መስጠት ነው።

አዲሱና አሮጌው ካቴና ጎን ለጎን ሲነጻጸሩ ልዩነቱ በግልጽ ይታያል። ለኢንዱስትሪ ማሽን የሚሠራ ሰንሰለት ከ2 እስከ 3 በመቶ ቢረዝም እንኳ ሊታገሡት ይቻላል፤ ለሞተር ካቴና ግን ግማሽ በመቶ ብዙ ነው። ሁለቱ በአንድ ችንካር ላይ ተሰቅለው እኩል ክብደት ሲንጠለጠልባቸው፣ የአዲሱ 50 አንጓ 476 ሚሊ ሜትር ላይ ሲደርስ፣ በግማሽ በመቶ የረዘመው አሮጌ ከዚያ 2 ሚሊ ሜትር ከግማሽ ያህል ዝቅ ብሎ ይገኛል። ይህ ልኬት ከተለወጠበት ቀን፣ ከኪሎ ሜትሩና በመጨረሻ ከተነበበው ዲግሪ ጋር በተሽከርካሪው መዝገብ ላይ ሊጻፍ ይገባል፤ የሚቀጥለው መካኒክ መዝገቡን ሲከፍት ሰንሰለቱ በምን ያህል መንገድ ምን ያህል እንደ ተበላ ከዚያ ላይ ያገኘዋል።